ከሲልቨር ስፕሪንግ እስከ ቱሺማ በባቡር

ቅዳሜ ጠዋት ከቤቴ የወጣሁት ለሁለት ጉዳይ ነው። አንዱ የሚነገር ነው፤ ጎረቤቴን ጋሽ ሰይድን እዚሁ አሜሪካ ያለችው አሌክሳንድሪያ ድረስ ወስጄ የሩሲያና የጃፓን መርከቦች ሲዋጉ ማሳየት። ሌላው የማይነገር ነው፤ እስከ ምሽት ከስልካቸው ማራቅ።

ነገሩ እንዲህ ነው። የጋሽ ሰይድ ታናሽ እህት ወይዘሮ ከድጃ ረቡዕ ዕለት ኮምቦልቻ ላይ አረፉ። የጋሽ ሰይድ ልጅ ዘሃራ ከሰፈሯ ከአስፐን ሂል ደውላ ነገረችኝ። ለአባቷ ግን አልተነገረም። ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው፣ ደም ግፊት አለባቸው፣ ለእህታቸው ደግሞ እንደ ዓይናቸው ብሌን ነው የሚሳሱላት። ወንድ ልጃቸው ከሲያትል ቅዳሜ ማታ ስለሚገባ፣ እሑድ ንጋት ላይ ሽማግሌዎች ቤታቸው ተሰብስበው እንዲያረዷቸው ተቆረጠ። እስከዚያው «ከድጃን ትንሽ አሟታል» ተብለዋል። ይህች «ትንሽ አሟታል» የምትባል ቃል ስንቱን ሰው እንደቀበረች መቼም የአገሬ ሰው ያውቃታል።

«እሌኒዬ፣ ፕሊስ፣ ፎኑን ኦፍ አድርጊበት» አለችኝ ዘሃራ። «አንዱ ኢሞ ላይ ‹አላህ ይርሐማት› ብሎ ከላከ አለቀልን።»

«እኔ እኮ ውሸት አይሆንልኝም።»

«ማን ዋሺ አለሽ? ዝም በይ ነው ያልኩሽ። ዝምታ ወርቅ ነው አይደል የሚባለው?»

እሺ አልኩ። እሺ ማለት ምን ይከብዳል።

ቀዩ መስመር

ጋሽ ሰይድ የጠበቁኝ የሕንጻችን በር ላይ ሰማያዊ ኮታቸውን ለብሰው፣ ጫማቸውን ወልውለው ነው። በወጣትነታቸው ምጽዋ በባሕር ኃይል መርከብ ላይ አገልግለዋል። እዚህ ከመጡ በኋላ የሠሩት መኪና ማቆሚያ ውስጥ ነው፤ ስለሱ ግን ትንፍሽ አይሉም። ስለ ባሕር ጠይቋቸው እንጂ ጨውና በርበሬ ማስቀመጫውን ሁሉ መርከብ አድርገው ጠረጴዛው ላይ ያሰልፉታል። ከመርከብ ወሬ ሁሉ የሚወዱት ደግሞ ሩሲያና ጃፓን ከመቶ ዓመት በፊት ባሕር ላይ የተዋጉትን የቱሺማን ጦርነት ነው። እኔ የሰማሁት ብዙ ጊዜ ነው፤ ያዳመጥኩት ግን የዚያን ዕለት ነው ብል ይሻላል።

«ስልክዎ ባትሪው አልቋል፤ ይስጡኝ፣ ቻርጅ ላድርግልዎት» አልኳቸው።

«አንች ዛሬ ደግነትሽ በዛ» ብለው ሰጡኝ። አጥፍቼ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት።

ሲልቨር ስፕሪንግ ጣቢያ ባቡሩ ቶሎ መጣ። ቅዳሜ ስለሆነ መቀመጫ እንደ ልብ ነው። ጋሽ ሰይድ ከመቀመጣቸው እጃቸውን ዘርግተው ለመንገዱ ዱዓ አደረጉ፤ እኔም እንደ ልማዴ «አሜን» አልኩ። እሳቸው «አሚን» ነው የሚሉት። ሁሌ ሲያሾፉብኝ፣ «የእኔ አሚን ቀድሞ ይደርሳል፣ ያንች አሜን ደግሞ በየጣቢያው በሚቆም ባቡር ይከተላል» ይላሉ።

«ስለ ከድጃ ዘሃራ የሰማችው አለ?» አሉኝ ዩኒየን ስቴሽንን እንዳለፍን።

«እኔ አልሰማሁም» አልኳቸው።

«ረመዳን ሳይገባ ሄጄ አያታለሁ። ቲኬቱን ዘሃራ ትቁረጥልኝ ብያታለሁ፤ ነገ ዛሬ ትለኛለች።»

ወሬውን ለማስቀየር፣ «ሩሲያዎቹ ግን ያን ያህል መንገድ ምን ወሰዳቸው?» አልኳቸው። ሌላ ቀን ቢሆን ይህን ጥያቄ በፈቃዴ አልጠይቅም ነበር።

ቢጫው መስመር

ጋለሪ ፕሌስ ወርደን ወደ ቢጫው መስመር ስንቀይር በወሬው ገና ሩሲያዎቹ በሩቅ ምሥራቅ የያዙት ወደብ ፖርት አርተር ላይ ነበርን። ጃፓኖቹ ጦርነቱን የጀመሩት በሌሊት ነው። ወደቡ ላይ የቆሙትን የሩሲያ መርከቦች ውኃ ውስጥ ለውስጥ በሚሄድ ቶርፒዶ መቷቸው። የሩሲያው ንጉሥም ከአውሮፓ ጫፍ ሌላ የጦር መርከብ ሰልፍ አስነሣ። መርከቦቹ የሚሄዱት በድንጋይ ከሰል ስለሆነ ከሰሉ መኝታ ክፍል ውስጥ ሳይቀር ተቆልሎ ነበር አሉ። ጉዞውን እንደጀመሩ በሌሊት የእንግሊዝ ዓሣ አጥማጆችን የጃፓን ቶርፒዶ ጀልባ መስለዋቸው ተኮሱባቸው። እባብ ያየ በልጥ በረየ ማለት ይኸው ነው።

«ትላልቆቹ አፍሪካን በደቡብ ዞሩ። ሌሎቹ በስዊዝ ገብተው በእኛ ባሕር አለፉ» አሉ ጋሽ ሰይድ፤ «በእኛ» ስትባል ደረታቸው ትንሽ ይነፋል።

«ምጽዋን አዩዋት?»

«የቆሙት ጅቡቲ ነው። ምጽዋን ካላዩ የቀረባቸው ለእነሱ።»

ባቡሩ ከመሬት ውስጥ ወጥቶ የፖቶማክ ድልድይ ላይ ሲደርስ ወሬያቸውን አቋረጡ። ወንዙ ቡናማ ነው፤ ሁለት የጀልባ ቀዛፊዎች ይታዩ ነበር፤ በላያችን አውሮፕላን ዝቅ ብሎ ወደ ማረፊያው ይሄዳል። ጋሽ ሰይድ ወደ መስኮቱ ዞረው ውኃውን እስኪያልፍ አዩት። እኔ ደግሞ ቦርሳዬን እንደያዝኩ፣ የተዘጋ ስልክ እንደማይጮህ እያወቅሁ፣ ይጮህ ይሆን እያልኩ እሰጋ ነበር።

አዳራሹ

ኪንግ ስትሪት ወርደን ጥቂት በእግር ሄድን። ትዕይንቱ የአንድ ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት አዳራሽ ውስጥ ነው። ወለሉ ላይ ሰማያዊ ጨርቅ ተነጥፏል፤ በላዩ ላይ የጣት ቁመት ያላቸው መርከቦች በሰልፍ ቆመዋል። ሰዎቹ አብዛኞቹ ጡረተኞች ናቸው፤ ያለ ጫማ በካልሲ ሆነው በሜትር እየለኩ፣ ዛር እየጣሉ መርከቦቹን ያንቀሳቅሳሉ። ዛር ስል የምትወርደዋን አይደለም፤ ባለ ነጥብ የቁማር ጠጠሯን ነው። ጋሽ ሰይድን የጋበዟቸው ቤተ መጻሕፍት ውስጥ የተዋወቋቸው አንድ አሜሪካዊ ሽማግሌ ናቸው። ጋሽ ሰይድ «ካፒቴን» ይሏቸዋል፤ እሳቸውም መልሰው «ካፒቴን» ይሏቸዋል። ሁለቱም ካፒቴን ሆነው እንደማያውቁ በኋላ ሰማሁ።

አንድ ተጫዋች ስለቀረ ጋሽ ሰይድን የሩሲያውን የኋላ ክፍል ይምሩ ብለው አንዲት ወንበር ጥግ ላይ ሰጧቸው። ደስታቸው! ኮታቸውን አውልቀው ሰጡኝና በካልሲያቸው ገቡ።

ጨዋታው ተጀመረ። የጃፓን መርከቦች ፈጣን ናቸው፤ ከሩሲያዎቹ ፊት እያለፉ ግንባራቸውን ይመቷቸዋል። የሩሲያው ዋና አድሚራል ጭንቅላቱን ቆሰለ ተባለ። አንዲት ትልቅ መርከብ ሰጠመች ተብላ ከጨርቁ ላይ ተነሣች። የቀሩት ወዴት እንደሚሄዱ ግራ ገብቷቸው ይዞራሉ። ጋሽ ሰይድ እጃቸውን አጣምረው ተቀምጠዋል።

ጠጋ ብዬ፣ «ለምን አያዙም? መርከቦችዎ እያለቁ እኮ ነው!» አልኳቸው።

«አይፈቀድልኝም።»

«ማን ከለከለዎት?»

«አልተነገረኝማ» አሉ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው አስረዱኝ። ሩሲያዎቹ ሦስት አድሚራሎች ነበሯቸው። ሁለተኛው ከጦርነቱ ጥቂት ቀን በፊት በሕመም ሞተ። መርከበኞቹ ልባቸው እንዳይሰበር ሞቱ ተደበቀ፤ ሬሳው በሣጥን መርከቡ ውስጥ ተቀመጠ፤ የአዛዥነት ባንዲራው ግን በሕይወት እንዳለ ሰው ከላይ ይውለበለባል። ዋናው አድሚራል ያውቃል። ለሦስተኛው ግን ማንም አልነገረውም። ዋናው ሲቆስል ሦስተኛው፣ ሁለተኛው በሕይወት አለ ብሎ የእሱን ትእዛዝ ሲጠብቅ ቆየ። ያቺ የሰጠመችው ትልቅ መርከብ ሬሳውን የያዘችው ነበረች።

«እርስዎ ግን ያውቃሉ» አልኳቸው።

«እኔ አውቃለሁ። የምጫወተው ግን ሦስተኛውን ሆኜ ነው፤ እሱ አያውቅም። ያልተነገረው ሰው ምን ብሎ ያዛል?»

ውኃ ልጠጣ ብዬ ወጣሁ። ደረጃው ላይ ሆኜ ለዘሃራ ደወልኩና፣ «አሁን ብንነግራቸውስ?» አልኳት።

«ኖ! እሌኒ፣ ፕሊስ፣ አታበላሺው። ሽማግሌዎቹ ኮንፈርም አድርገዋል፤ ነገ ፈጅር ሰግደው ይመጣሉ። ደግሞ ባቡር ላይ አንድ ነገር ቢሆንስ?»

እሷም እውነቷን ነው።

ወንዙ ዳር

ሩሲያ፣ እንደ ታሪኩ፣ ተሸነፈች። ጋሽ ሰይድ የቀሩትን መርከቦች ይዘው እጅ ሰጡ፤ አሜሪካዊው ካፒቴን እጃቸውን ጨበጧቸው። ከዚያ በነጻው አውቶቡስ ወደ ወንዙ ወረድን። የተጠበሰ ዓሣ በዳቦ አሥራ ስምንት ብር አሉን፤ እዚህ አገር ዶላሩን ብር ነው የምንለው። ጋሽ ሰይድ ዋጋውን ሲሰሙ፣ «በዚህ ብር ምጽዋ ጀልባውን ከነአጥማጁ አመጣልሽ ነበር» ብለው አንዱን ለሁለት እንድንካፈል አዘዙ። ዓሣው ደህና ነው፤ ጨው ያንሰዋል።

ከበላን በኋላ ሣሩ ላይ ኮታቸውን አንጥፈው የቀትሩን ሶላት፣ ዙሁርን ሰገዱ። ሲጨርሱ አግዳሚው ወንበር ላይ አጠገቤ ተቀመጡ፣ እጃቸውንም ወደ ላይ ዘረጉ።

«ያ አላህ፣ ለእህቴ ለከድጃ ሽፋውን ስጣት። ካልጋዋ አንሣት። ዓይኗን ሳላይ አትውሰድብኝ።»

የጀልባ ገመድ ሲጎተት ይሰማል።

እጃቸውን ሳያወርዱ፣ «አሚን በይ እንጂ» አሉኝ።

አልቻልኩም። ዝም ብሎ መዋል አንድ ነገር ነው፤ ፈጣሪ ፊት ለሞተ ሰው ጤና መለመንና አሜን ማለት ግን ሌላ ነው። ጋሽ ሰይድ ቀስ ብለው ዞረው አዩኝ። እጃቸው አሁንም እንደተዘረጋ ነው።

«እሌኒ።»

«አቤት።»

«ከድጃ አለች?»

«የለችም፣ ጋሽ ሰይድ። አርፋለች።»

እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አወረዱ። «ኢና ሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጂዑን» አሉ፤ ሁለት ጊዜ። ክኒናቸውን ከኪሳቸው አውጥቼ ውኃ ሰጠኋቸው፤ እንደ ልጅ ዋጡ። እኔ አለቅስ ነበር፤ እሳቸው ግን ገና አልጀመሩም።

«መቼ ነው?»

«ረቡዕ።»

«ረቡዕ» አሉ። «ታዲያ እኔ ሐሙስም፣ ዓርብም፣ ዛሬም ሽፋ ስለምንላት ነበር። መቃብር ውስጥ ላለች ሰው! እሷ ራሕመት የሚለምንላት ወንድም እየፈለገች፣ እኔ እዚህ ካልጋዋ አንሣት እላለሁ።» ድምፃቸው የተሰበረው እዚህ ላይ ነው። «ሦስት ቀን ሙሉ ብቻዋን አስተኛችኋት።»

«ይቅር ይበሉኝ» አልኳቸው። ለእሳቸው ደግነት ነው ብለን ያደረግነው፣ ለእህታቸው ማድረግ የሚችሉትን አንድ ነገር ከእጃቸው የቀማ ነበር። ደግነቱን አልክድም። ግን እኛ ያሰብነው ልባቸው መሸከም ይችል እንደሆነ ብቻ ነው፤ የሚጠብቃቸው ሥራ እንዳለ አንዳችንም አላሰብንም።

አልቅሰው ሲያበቁ ፊታቸውን በመሐረብ ጠረጉና እንደገና እጃቸውን ዘረጉ። ይህኛው ዱዓ ረጅም ነበር። ምሕረትን፣ የመቃብር ስፋትን፣ ጀነትን ለመኑላት። በየመካከሉ አሜን አልኩ፤ አንዳንዴ ሳላስበው አሚንም አመለጠኝ።

መልስ

በመልሱ ባቡር ስለ ጦርነት አልተወራም። ስለ እህታቸው አወሩኝ። አንድ ጊዜ ምጽዋ ልትጠይቃቸው መጥታ፣ ባሕሩ ጨው ነው ሲሏት አላምንም ብላ በእፍኟ ቀምሳ፣ ፊቷን አጨማድዳ፣ «ማን ጨመረበት?» አለች አሉ። ሳቁ፤ ከዚያ አለቀሱ። ፊት ለፊታችን የተቀመጠች ሴት ሶፍት ሰጠቻቸው።

ስልካቸውን አብርቼ መለስኩላቸው። ወዲያው የመልእክት ድምፅ ይደራረብ ጀመር። አላዩትም፤ ኪሳቸው ከተቱት።

ሲልቨር ስፕሪንግ ስንደርስ ገና አልመሸም። ለነገው እንግዳ ምግብ ስታሰናዳ የዋለችው ዘሃራ የአባቷን ቤት በር በሳቅ ከፈተችልን። ሳቋ የይምሰል መሆኑ ከሩቁ ያስታውቃል።

«አባ! ሀው ዋዝ ዘ ሺፕስ? ማን ዊን አደረገ?»

ጋሽ ሰይድ ጫማቸውን አወለቁ፣ ገብተውም ቆሙ። «ዘሃራ፣ ነይ ተቀመጪ።»

ዘሃራ ወዲያው ገባት። እኔን አየችኝ፤ ዓይኗ በንዴት ደም ለበሰ። «እሌኒ! ዩ ፕሮሚስድ! እንዴት...»

«እሷን ተያት» አሉ ጋሽ ሰይድ። እጇን ይዘው ሶፋው ላይ አስቀመጧትና አጠገቧ ተቀመጡ። «አሁን የምናገረው እኔ ነኝ። ልጄ፣ አክስትሽ ከድጃ ሞታለች። አዝላ ያሳደገችሽ ከድጃ። አብሽሪ።»

ዘሃራ አባቷ ጭን ላይ ወድቃ ስትጮህ ከታችኛው ፎቅ ሰው ደንግጦ ወጣ። እሳቸው ጀርባዋን ያሻሉ፤ «አብሽሪ፣ አብሽሪ» ይላሉ።

«በቴክስት ነው የሰማሁት አባ» አለች በመጨረሻ፤ «ሥራ ቦታ፣ ፓርኪንግ ሎት ውስጥ ብቻዬን ቆሜ። ከዚያ ለአባ እንዳትነግሪ አሉኝ።»

ሁላችንም አባቷን ማን ያርዳቸው እያልን ስንማከር ሰነበትን። ለካ እሷንም ያረዳት ሰው አልነበረም።