እየሣቀች የተቀደደችው ሴት

ማዕዶት ሲቀላ ሰፈር ባለ ፎቶ ኮፒ ቤት ውስጥ ትሠራለች። ከሥራ ስትወጣ ደግሞ ፊልም ትሠራለች። ካሜራዋ ስልኳ ነው፤ ተዋናዮቿ ከአሮጌ የቀን መቁጠሪያ፣ ከካሴት ሽፋንና ከቪዲዮ ቤት ፖስተር በመቀስ የቆረጠቻቸው ሥዕሎች ናቸው። መስታወት ላይ ትደረድርና ፎቶ ታነሣለች፤ ትንሽ ገፋ አድርጋ ደግማ ታነሣለች። ፎቶዎቹ ኮምፒውተር ላይ ሲገጣጠሙ ወረቀቱ ይራመዳል፤ ይማታልም።

አዲሱ ፊልሟ ስለ አባቷ ነበር። አቶ ወልደየሱስ በሕይወት ሳሉ ጫኖ በምትባለው መንደራቸው የተከበሩ አስተማሪና የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ነበሩ። በሩ ሲዘጋ ግን ሚስታቸውን ደም እስኪተፉ ይደበድቧቸው ነበር። ማዕዶት ሙሉ ልብስ በለበሰ ሰው አንገት ላይ የቦክሰኛ ጭንቅላት ለጥፋ አባቷን ሠራች። እናቷን ደግሞ ከድሮ የሳሙና ማስታወቂያ ባገኘቻት ቆንጆ ወከለቻቸው። ቦክሰኛው በድስት ሲፈነክታት፣ ክንዷ ሲገነጠል፣ ጉንጯ ሲቀደድ ሴትየዋ ያው ትሥቃለች፤ ሥዕሉ ሌላ ፊት የለውም።

እሑድ ከሰዓት ሴቻ ሰፈር፣ አንድ አዳራሽ ውስጥ አሳየችው። እናቷ ወይዘሮ ወለቴና ታላቅ ወንድሟ ካሌብ ከፊት ተቀምጠው ነበር። ፊልሙ ሳይጋመስ ካሌብ ተነሣ።

«የሞተ አባታችንን ሰው ፊት ታዋርጂዋለሽ?»

«የሆነውን ነው ያሳየሁት። አንተም አልጋ ሥር ተደብቀህ ታይ ነበር» አለችው።

ፕሮጀክተሩን አንሥቶ ወለሉ ላይ ከሰከሰው። ፀጉሯን ጨምድዶ ከግድግዳው ጋር አላተማት፤ አፍንጫዋ ደም በደም ሆነ። ወንበር አንሥቶ ሲሰነዝር ወለቴ መሐል ገቡ። ወንበሩ ትከሻቸው ላይ አረፈ፤ አጥንቱ ቀጭ ሲል ተሰማ።

«አባትህም እንዲህ ነበር እጁን የሚያነሣው» አሉት፣ ወለሉ ላይ እንደወደቁ።

ሰዎች አንቀው ያዙት፤ ፖሊስ ወሰደው። በኋላ ሽማግሌዎች ለዕርቅ ሲመጡ ወለቴ «ፍርድ ቤት ይጨርሰው» ብለው መለሷቸው።

ክንዳቸው አንገታቸው ላይ ታስሮ ማዕዶት ቤት ሰነበቱ። አንድ ቀን ጠዋት፣ «ከፊልሙ የተረፈውን አሳዪኝ» አሏት። እስከ መጨረሻው ዓይናቸውን ሳይነቅሉ አዩት።

«በድስት አልነበረም፤ በበርጩማ ነው» አሉ። «ደግሞ አልሣቅሁም። ጮኼያለሁ፤ ማንም አልመጣም እንጂ።»

ማዕዶት ከአንድ የቤት ዕቃ ማስታወቂያ በርጩማ ቆረጠች። የሚጮህ ሴት ፊት ግን ከወረቀቶቿ ሁሉ ፈልጋ አጣች።

«እንግዲያው እኔን አንሺኝ» አሉ ወለቴ፤ ሻሻቸውን አወለቁና መስኮቱ ሥር ቆመው አፋቸውን ከፈቱ።