የዌስ ሃርከር ይቅርታ

ኦሬስቴ ፓንካልዲ ሮም ውስጥ ስንት ፊልም እንደሠራ ራሱም በትክክል አያውቅም ነበር። ሠላሳም አርባም ይሆናሉ። ካውቦይ ሲወደድ ካውቦይ፣ ደም የሚመጥ ሬሳ ሲወደድ ሬሳ። ያኔ ነገሩ ሁሉ የሚጀመረው ከፊልሙ ማስታወቂያ ሥዕል ነበር። ሠዓሊው ይሥላል፤ ኦሬስቴ ሥዕሉን ጠቅልሎ ለየአውራጃው ፊልም አከፋፋይ ያሳያል፤ ከወደዱለት ቤቱ ገብቶ በዘጠኝ ቀን ታሪኩን ይጽፋል። ሥዕሉ ላይ ባቡር ካለ ባቡር የግድ ነው። አንድ ጊዜ ሠዓሊው ምን እንደነካው እንጃ፣ አዞ ሥሎ፣ ኦሬስቴ በረሃ መሀል አዞ ሲያስገባ ከረመ።

ስሙ ግን የትም አይወጣም። ጣልያን ጣልያን የሠራውን ካውቦይ ከፍሎ አያይም፤ ስለዚህ ጸሐፊውም አዘጋጁም ዌስ ሃርከር የሚባል፣ ኦሬስቴ ራሱ የፈጠረው አሜሪካዊ ነው። ፈረስ ጠባቂው ሳይቀር የአሜሪካ ስም ወጥቶለት ነበር። በራሳቸው ስም የቀሩት ፈረሶቹ ብቻ ናቸው፤ እነሱም ጠዋት ጠዋት ወተት የሚያመላልሱ ነበሩ።

ይህ ሁሉ ባልከፋ፤ እናትየው እማማ ፊሎሜና አሉ እንጂ። ተራራ ላይ፣ ሮካቬኪያ በምትባል መንደር ይኖራሉ። ዓይናቸውን ሞራ እየጋረደው ነው። "ልጄ ፊልም ይሠራል" ብለው ማውራት ከጀመሩ አሥር ዓመታቸው፤ በየእሑዱ የቤተ ክርስቲያኑ ሲኒማ ፊተኛ ወንበር ላይ ቁጭ ብለው የልጃቸውን ስም ሲፈልጉ መንደሩ ከኋላ ይስቃል።

"የአባትህን ስም አንድ ቀን እዚያ ላይ ልየው" አሉት በፋሲካ። "ከዚያ ወዲያ ዓይኔ ቢጠፋም ግድ የለኝም።"

ኦሬስቴ ናፖሊ ወርዶ ስሙ እንዲወጣለት የዚያውን አከፋፋይ ለመነ። ሰውዬው ብርቱካን እየላጠ ነበር።

"ፓንካልዲ? ፓንካልዲ የሚባል ሰው ሽጉጥ ያውቃል? ይሄ እኮ የቋሊማ ሻጭ ስም ነው።"

"አባቴ ቋሊማ ሻጭ ነበር።"

"አየህ" አለና ብርቱካኑን ጎረሰ።

ስለዚህ ኦሬስቴ ዘዴ ፈጠረ። ለሮካቬኪያ ከሚላከው የፊልም ቅጂ ላይ የሃርከር ስም ያለበትን ቆርጦ አውጥቶ የራሱን አስቀጠለበት። እሑድ ዕለት ከእናቱ ጎን ተቀመጠ። መብራቱ ጠፋ፣ ጊታር ተመታ፣ "ጸሐፊና አዘጋጅ ኦሬስቴ ፓንካልዲ" የሚል ትልቅ ጽሑፍ መጋረጃውን ሞላው። እማማ ፊሎሜና ክንዱን ጭምቅ አድርገው ያዙት።

ከኋላ የአባ ኩዊሪኖ ድምፅ ተሰማ። የሲኒማው ኃላፊ እሳቸው ናቸው፤ ባለፈው ሳምንት ከተማ ወርደው ይህንኑ ፊልም አይተውታል።

"ኦሬስቴ፣ ይሄ እኮ የአቶ ሃርከር ነው።"

"አባ፣ ሃርከር እኔ ነኝ።"

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። "እኔም ጳጳሱ ነኝ" አለ አንዱ። የመንደሩ ፀጉር አስተካካይ ደግሞ "በል እስቲ እንግሊዝኛ ተናገር" አለው። ኦሬስቴ አንዲት ቃል አያውቅም።

እማማ ፊሎሜና እጃቸውን ከክንዱ ላይ አነሱ። ቤት ሲደርሱ ወረቀትና እስክሪብቶ ፊቱ አኖሩለት።

"አባትህ የሰውን ቋሊማ የኔ ነው ብሎ አያውቅም። ይቅርታ ጠይቀው።"

"እማዬ፣ ልንገርሽ፣ እሱ ሰውዬ…"

"ጻፍ። እያየሁህ።"

ጻፈ። የሃርከር አድራሻ የኦሬስቴ የገዛ ቢሮው ስለሆነ፣ ደብዳቤው ከእሱ አንድ ቀን ዘግይቶ ሮም እዚያው እጁ ገባ።

እናትየው መልሱን በየቀኑ ከፖስተኛው እጅ ይጠብቃሉ፤ ዓይናቸውም ጊዜ አይሰጥም። በዘጠኝ ቀን ፊልም የሚጨርሰው ሰው በሃርከር ስም ለሚጽፋት አንድ ገጽ መልስ ሦስት ሳምንት ፈጀ። ጣልያንኛውን እንደ ባዕድ ሰው ሰባበረው፤ ይቅር ብያለሁ አለ፤ ልጅዎ ጎበዝ ነው ብሎም ጨመረ። በዕድሜው ደህና ነገር ጻፈ ከተባለ ይኸው ነው።

አባ ኩዊሪኖ ጮክ ብለው አነበቡላቸው። እማማ ፊሎሜና ደብዳቤውን መስታወት አስገብተው ከማርያም ሥዕል አጠገብ ሰቀሉት። ለገና በዓል ኦሬስቴ ሲመጣ በጣታቸው አሳዩት።

"ሰው ማለት እንዲህ ነው። ስለ አንተ እንኳ ደግ ደጉን ጻፈ። ከእሱ አትራቅ፣ ትንሽ ትማር ይሆናል።"

"እሺ እማዬ" አለና ሾርባውን ፉት አለ።