ማሙሽ ሰባተኛ ክፍል ሊገባ ነው

ደራሲዋ ቴሌቪዥን ጣቢያው ከመግባታቸው በፊት የስድስተኛ ክፍል አስተማሪ ነበሩ። ለልጆች ተከታታይ ድራማ ይጻፉ በተባሉ ጊዜም የሚያውቁትን ጻፉ፤ ቁምጣ የለበሰ፣ የደብተር ቦርሳ ያነገተ፣ አፈ ጮሌ የስድስተኛ ክፍል ተማሪ። ስሙ ማሙሽ። የሚጫወተው ተዋናይም ያን ጊዜ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ነበርና አገር ምድሩ ወደደው።

ከወደደው በኋላ ማን ያሳድገው? በየዓመቱ ደራሲዋ "ዘንድሮስ ይለፍ" ይላሉ፤ በየዓመቱ የጣቢያው ኃላፊ "ለቀረጻ የቀባነው ግድግዳ የስድስተኛ ክፍል ነው" ይላል። እንዲህ እየተባባሉ ማሙሽ ጢም አወጣ፣ ተላጨ፤ ራሱ ተመለጠ፣ ቆብ ደፋ፤ አገባ፣ ወለደ። ዛሬም ስድስተኛ ክፍል ነው። ድምፁ የጎረነነ ጊዜ ጉንፋን ይዞታል ተብሎ በድራማው ተነገረ፤ ጉንፋኑም በዚያው ከረመ። አብረውት የሚጫወቱት ልጆች ቀረጻው ሲያበቃ "ጋሼ፣ ውሃ ላምጣልህ?" ይሉታል።

አንድ ቀን ቁምጣውን እንደለበሰ ደራሲዋ ቢሮ ገባ።

"እትዬ፣ ልጄ ሰባተኛ ክፍል ገባች።"

"እሰይ! እንኳን ደስ ያለህ።"

"ምን ደስ ይለኛል! ትናንት እራት ላይ 'አባዬ፣ በለጥኩህ' አለችኝ። ሚስቴ ሳቀች። አማቴ እንኳ ሳቁ፤ እኒያ ሰውዬ በሠርጌ ቀን አልሳቁም!" ዓይኑ ዕንባ አቀረረ። "ወይ ልለፍ፣ ወይ ትምህርቴን ላቋርጥ።"

ደራሲዋ ደነገጡ። ማሙሽ ከሄደ የዕድሜ ልክ ሥራቸው አብሮት ይሄዳል። ሰባተኛ ክፍልን ደግሞ አስተምረው አያውቁም፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ዓለም ለእሳቸው ጨለማ ነው። ቢሆንም የልጅ ዕንባ አንጀታቸውን ይበላዋል፣ ልጁ ራሰ በራ ቢሆንም። ተነሥተው ወደ ኃላፊው ሄዱ።

"ሳይፈተን ይለፍ?" አለ ኃላፊው። "ለሕፃናት ምን እያስተማርን ነው?"

"እንግዲያው ይፈተን።"

"በቀጥታ ሥርጭት! ኩረጃ እንዳይኖር።"

ማሙሽ ሥራዬ ብሎ አጠና፤ ልጁ ማስመሪያ ይዛ ክፍልፋይ አስጠናችው።

በፈተናው ዕለት መምህሯን የምትጫወተው ተዋናይት ሰሌዳው ላይ ጻፈች፤ ግማሽ ሲደመር ሲሶ። ማሙሽን ላብ አጠመቀው። በጣቱ ቆጠረ፣ ጣት አነሰው። ከካሜራው ጎን የቆሙት ደራሲዋ መልሱ ከንፈራቸው ላይ ደርሶ ነበር፤ ግን የአስተማሪ ነገር ሆኖባቸው አፋቸውን በእጃቸው ያዙ።

በመጨረሻ ጠመኔው ጮኸ። ጻፈ።

"ልክ ነህ!" አለች መምህሯ፣ የራሷ ልጅ ያለፈ ይመስል እየተንሰቀሰቀች። "ማሙሽ፣ አልፈሃል!"

ስክሪፕቱ "ማሙሽ በበሩ ይወጣል" ይላል። ከበሩ ወዲያ ምንም አልተሠራም፤ የመሥሪያ ቤቱ ኮሪደር ነው። ወትሮ እዚያው ቆሞ "ቁረጥ" እስኪባል ይጠብቃል። የዚያን ዕለት አልቆመም። ቦርሳውን አንግቶ፣ ባዶ ባቱን እያሳየ ቀጠለ።

"የት ነው የሚሄደው ይሄ ሰውዬ? ቁረጡ!" አለ ኃላፊው።

"ተከተለው" አሉ ደራሲዋ ካሜራ የያዘውን፤ ያልጻፉትን ነገር ሲያዙ ይህ የመጀመሪያቸው ነው።

ካሜራው ገመዱ እስከፈቀደለት ሄዶ ቆመ። ማሙሽ ግን ደመወዙን የሚቀበልበትን የሒሳብ ክፍል በር፣ የጽዳት ሠራተኛዋን ባልዲ አለፈ፤ አንዴም ዞር አላለም። እየራቀ ሲሄድ አነሰ፣ ደግሞም አነሰ፤ ትከሻው ጠበበ፣ ቁምጣውም ልኩ ሆነ። የውጪውን በር ሲከፍት፣ በየቤታቸው የተቀመጡት ልጆች አንድ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ወደ ብርሃኑ ሲወጣ አዩ።