የኮንዲላርት መሳቢያ

ባዶ ቦታ አልወድም። ቅጽ ላይ ያልተሞላ መስመር ሳይ እጄን ይበላኛል። ባለቤቴ፣ «አንተ እኮ የመቃብርህን ጽሑፍ እንኳ አርመህ ነው የምትተኛው» ትለኛለች። ጎጃም ተወልጄ፣ ቺሮ ከተማ ባዮሎጂ ሳስተምር አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሆኖኛል። በዚህ ሁሉ ዘመን ተማሪ ጠይቆኝ «አላውቅም» ያልኩበትን ቀን ቁጠር ብባል የአንድ እጄ ጣቶች ይተርፉኛል።

በትምህርት ቤታችን ቤተ ሙከራ ውስጥ የአጥንት ቁም ሣጥን አለ። እኔ ነኝ ያደራጀሁት። ተማሪዎች ከየሰፈራቸው፣ ከደረቅ ወንዝ ዳር፣ ከቄራ አጠገብ የለቀሙትን ያመጡልኛል፤ አጥቤ፣ አድርቄ፣ በየመሳቢያው እከታለሁ። በየመሳቢያው ፊት ወረቀት ለጥፌ «በሬ»፣ «ፍየል»፣ «ግመል»፣ «አህያ» ብዬ ጽፌያለሁ። ከታች ያለው የመጨረሻው መሳቢያ ግን የምን እንደሆኑ ያልለየኋቸው አጥንቶች የሚገቡበት ነው። እዚያ ላይ «ያልታወቁ» ብሎ መጻፍ ሞት መሰለኝ። ስለዚህ «ኮንዲላርት» ብዬ ጻፍኩበት።

ቃሉን ያገኘሁት ኮሌጅ ሳለሁ ከገዛሁት አሮጌ መጽሐፍ ነው። ኮንዲላርት ማለት ዳይኖሰሮች ካለቁ በኋላ የኖሩ፣ ዛሬ ዘራቸው የጠፋ፣ ባለ ሰኮና አጥቢ እንስሳት ናቸው። አንዳንዱ ጥንቸል ያክላል፣ አንዳንዱ ከበግ ይበልጣል። እግራቸው አምስት ጣት አለው፤ በየጣቱ ጫፍ ትንሽ ሰኮና። ስሙ ከግሪክ የመጣ ነው፤ የመጀመሪያው ክፍል የጣት አንጓ፣ ሁለተኛው መገጣጠሚያ ማለት ነው። የእኔ መጽሐፍ የበሬም፣ የፈረስም፣ የዝሆንም ቅድመ አያቶች ናቸው ብሎ ጨርሶታል። እኔም ለአሥራ ዘጠኝ ዓመት እንደዚያው ብዬ ጨርሼዋለሁ። የእኔ መሳቢያ አጥንቶች ምናልባት የአጋዘን ወይም የከርከሮ ይሆናሉ እንጂ ኮንዲላርት እንዳልሆኑ ልቤ ያውቀዋል። ግን ተማሪ አፉን ከፍቶ ሲያየው ደስ ይለኝ ነበር።

ባለፈው ዓመት የአሥራ ሁለተኛ ክፍል የአንድ ክፍል ኃላፊ ነበርኩ። የብሔራዊ ፈተና ምዝገባ ሲደርስ የተማሪዎቼን መረጃ ኮምፒውተር ላይ ማስገባት የእኔ ሥራ ሆነ። ስም፣ የአባት ስም፣ የአያት ስም። አንዲት ተማሪ ነበረችኝ፤ ከቦኬ መጥታ ቺሮ ከጓደኞቿ ጋር ቤት ተከራይታ የምትማር። የቀድሞ ትምህርት ቤቷ ወረቀት ላይ በአያቷ ስም ቦታ ሰረዝ ተሰምሮበታል። ኮምፒውተሩ ሰረዝ አይቀበልም። ልጅቷን አስጠርቼ ልጠይቅ ስል ወደ ቤቷ ሄዳለች። መብራት ሊጠፋ ይችላል፣ ከኋላዬ ሦስት መምህራን ተሰልፈው «ቶሎ በል እንጂ» ይሉኛል። ጣቴ ላይ መጀመሪያ የመጣልኝን ስም ጻፍኩ። የአባቴን ስም። ገጹ አለፈ፤ እኔም ረሳሁት።

ከወር በኋላ ይህችው ልጅ ቤተ ሙከራ መጣች። ጥያቄ የማታባክን ልጅ ናት፤ ስትጠይቅ ግን ሰው ታስጨንቃለች።

«ቲቸር፣ መሳቢያው ላይ የጻፉት ቃል ቤተ መጻሕፍት በመጣው አዲስ መጽሐፍ ውስጥ አለ» አለችኝ። «ግን ሁልጊዜ በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ ነው የሚጽፉት። ለምንድን ነው?»

እንደ ልማዴ «የአጻጻፍ ስልት ነው» ልላት ነበር። መጽሐፉን በእጇ ስለያዘችው አልተመቸኝም። ተቀብዬ የምሳ ሰዓቴን ሙሉ አነበብኩት። የእኔ አሮጌ መጽሐፍ ካረጀ ቆይቷል። ሊቃውንቱ አጥንቶቹን ደግመው ደጋግመው ሲያዩዋቸው ኮንዲላርት የተባሉት አንድ ቤተሰብ አልነበሩም። የአንዳንዱ ዘር ወደ ፈረስ ይጠጋል፣ የአንዳንዱ ወደ ሌላ፣ የብዙዎቹ ጭራሽ አይታወቅም። አንድ ያደረጋቸው ጥንታዊነታቸውና ወላጃቸውም ልጃቸውም አለመታወቁ ብቻ ነው። ቦታ ያጣ ሁሉ እዚያ ስም ውስጥ ተወርውሯል። ዛሬ ቃሉን የሚጠቀም ሰው በትእምርተ ጥቅስ ይከበዋል፤ «እንዲህ ይባላሉ እንጂ ዘመዳሞች ናቸው ብለን አልመሰከርንም» ለማለት ነው።

በማግስቱ ይህንን ክፍል ውስጥ አስረዳሁ፤ ያው ድሮም የማውቀው አስመስዬ። ልጅቷ እጇን አወጣች።

«እንግዲያው ስም አይደለም ቲቸር። ስሙ እስኪገኝ ቦታ መያዣ ነው።»

«ጥሩ» ብያት አለፍኩ። ኩራቴ ትንሽ ተቧጥጦ ነበር፤ ከዚያ በላይ አላሰብኩበትም።

በሁለተኛው ሳምንት ፈተና ሰጠሁ። «ስማችሁን በምዝገባ ወረቀታችሁ ላይ እንዳለው እስከ አያት ጻፉ» አልኩ። ሳርም የእሷ ወረቀት ደረሰኝ። ስሟ አለ፣ የአባቷ ስም አለ፤ ሦስተኛው ስም፣ የአባቴ ስም፣ በትእምርተ ጥቅስ ተከቧል።

መጀመሪያ ያፌዘችብኝ መሰለኝና ደሜ ፈላ። ቀጥሎ ያንን ስም የጻፍኩት እኔው መሆኔ ትዝ አለኝ።

በእረፍት ሰዓት ጠራኋት። «ይህ ምልክት ምንድን ነው?»

«ማን እንደሆነ ስለማላውቅ ነው ቲቸር። አካኮ እየፈለገው ነው።»

አካኮ የምትለው የእናቷን አባት ነው፤ በኦሮምኛ አያቴ ማለቷ ነው። ቀስ በቀስ ሁሉንም ነገረችኝ። እናቷ መቻራ ቡና ለቀማ ሄዳ ሳለች ካገኘችው ሰው ነው የወለደቻት። ሰውዬው ስሙን ብቻ ትቶ ሄደ። እናቷ ዐረብ አገር ናት። ያሳደጓት አያቷ ናቸው፤ ቦኬ ላይ ከሲታ በሬ ገዝተው፣ አገዳ በእጃቸው እያጎረሱ አደልበው የሚሸጡ ሰው። የምዝገባ ወረቀቷን ጎረቤት አንብቦላቸው ሦስተኛውን ስም ሲሰሙ፣ «ትምህርት ቤቱ የአባቷን አባት አገኘው» አሉ። የመንግሥት ወረቀት በከንቱ ስም ይጽፋል ብለው አላሰቡም።

በእሳቸው አገር የባዘነ ከብት መንጋህ ውስጥ ቢገባ ምልክት አታደርግበትም፣ አትሸጠውም። ባለቤቱ እስኪገኝ ሦስት ገበያ ትጮኽበታለህ። ልጅቷንም እንደዚያ አይተዋታል፤ አሥራ ሰባት ዓመት ያሳደጓት አደራ፣ አሁን ባለቤቷ በስም የታወቀ። ስለዚህ የአባቴን ስም ቦኬ ገበያ ላይ እየጠሩ ጠየቁ። መቻራም ድረስ ሄደው ጠየቁ። እዚያ አንድ ሰው፣ «እንዲህ የሚባል ከሰሜን የመጣ የቡና መጋዘን ጥበቃ ነበር፣ ጡረታ ወጥቶ እዚሁ ይኖራል» አላቸው።

«ቅዳሜ ሽማግሌ ይዞ፣ እኔንም ይዞ ሊሄድ ነው» አለችኝ። «በግ ገዝቷል። ግን እሱ ራሱ እህል አይቀምስም ቲቸር። ይወስዱብኛል ብሎ ፈርቶ ነው።» ቀጥላም፣ «ካገኙት ይንገሩኝ። ካላገኙትም ይንገሩኝ» አለች።

እዚያው ልነግራት ይገባኝ ነበር። «እስቲ ላጣራ» አልኳት። ፈሪ ነኝ፤ ይህንንም አልደብቅም። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ እኔ አፍስሼ ለመልቀም እንኳ ጎንበስ ማለት ከበደኝ።

ማታ ለአባቴ ደወልኩ። ሰማንያን ያለፈ ሽማግሌ ነው፤ ደብረ ማርቆስ አጠገብ ይኖራል። የሆነውን ሳልቀንስ ነገርኩት።

«የኔን ስም?» አለኝ። «ሰውዬው በዚያ ፀሐይ የሚንከራተቱት እኔን ፍለጋ ነው?»

«አዎ አባዬ።»

«ታዲያ አንተ ምን ታደርጋለህ እዚያ ተጎልተህ? ሂድና መገኘቴን ንገራቸው እንጂ!»

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ ቦኬ ለመገኘት ዓርብ ከሰዓት ከልጅቷ ጋር ተነሳሁ። እውነቱን መኪና ውስጥ ነገርኳት። አልጮኸችም። ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች፤ ቢያንስ ብትሰድበኝ ይቀለኝ ነበር። የአያቷ ቤት ከከተማው ስለሚርቅ ከምታድርበት የዘመድ ቤት ደጃፍ ስትወርድ ብቻ፣ «ሰረዙ የኔ ነበር ቲቸር» አለችኝ።

ጠዋት መኪና መያዣው ጋ አያቷን አገኘኋቸው። ነጭ ኮፍያ፣ የታጠበ ሽርጥ፣ በእጃቸው የበግ ገመድ። ሁለት ሽማግሎች አጠገባቸው ቆመዋል። ሰላምታ ተለዋወጥንና መምህሯ መሆኔን ነገርኳቸው። እጄን በሁለት እጃቸው ያዙ።

«መምህር፣ አላህ ይስጥህ። አንተ ነህ ሰውየውን ያገኘኸው?»

«አላገኘሁትም» አልኩ። «የጻፍኩት ስም የራሴ አባት ስም ነው። የልጅቷን አያት አላውቀውም። ባዶውን መተው ስላልቻልኩ ነው የጻፍኩት። ይቅር ይበሉኝ።»

አንደኛው ሽማግሌ በኦሮምኛ ደግሞ ነገራቸው፤ በደንብ እንዲገባቸው። እሳቸው ልጅቷን አዩ፣ እኔን አዩ።

«እና መቻራ ያለው ሰው?»

«ሌላ ሰው ነው። ስም ብቻ ነው የገጠመው።»

«ማንም አይመጣም?»

«ማንም አይመጣም።»

እዚያው አቧራው ላይ ቁጭ አሉ። «አልሐምዱሊላህ» አሉ፤ ደጋግመው። ትልቁ ሰው በግ እንደያዙ ሲያለቅሱ ቆሜ አየሁ። ልጅቷም አጠገባቸው ተቀምጣ ትከሻቸው ላይ ተደገፈች። የምገባበት ጠፋኝ።

ሲነሱ ተቆጡኝ፤ ደግሞም አግባብ ነበር። «መምህር፣ አንተ የተማርክ ሰው ነህ። የማታውቀውን በሬ አውቃለሁ ብዬ ብሸጥ ገበያ ዋስ ይለኛል፣ ያስረኛል። አንተን ማን ዋስ ይልሃል?» ከዚያ የበጉን ገመድ እጄ ላይ አኖሩት። «ይሄ ለዚያ ስም የተገዛ ነው። ስሙ ያባትህ ነው። በጉም ያባትህ ነው።» ብለምን፣ ብምል፣ አሻፈረኝ አሉ። በጉን ይዤ ቺሮ ገባሁ።

በሚቀጥለው ሳምንት ስሙን ለማስቀየር ትምህርት ቤት መጡ። እኔ ጥፋቴን በጽሑፍ አመንኩ፣ ማስጠንቀቂያም ተሰጠኝ። መዝጋቢው፣ «መሞላት ያለበት የአባት አባት ነው» ብሎ ሊከራከር ሞከረ። ልጅቷ፣ «ቅጹ አያት ነው የሚለው» አለችው። እሳቸው አውራ ጣታቸውን አተሙ። ስማቸው ሦስተኛው ቦታ ላይ ሲገባ ልጅቷ ጮክ ብላ አነበበችላቸው፤ እንደገና አንብቢው አሏት።

ሳይሄዱ ቤተ ሙከራውን አሳየኋቸው። ታችኛውን መሳቢያ ሳብኩና አጥንቶቹን ጠረጴዛ ላይ ዘረገፍኳቸው። በጣታቸው እየገፉ ለዩልኝ፤ ይሄ የአጋዘን፣ ይሄ የጥጃ፣ ይሄ የከርከሮ። አንድ ቁርጭምጭሚት ቀረ። አገላበጡት፣ በአውራ ጣታቸው ዳሰሱት፣ ወደ ብርሃን አደረጉት።

«ይሄን አላውቀውም» አሉና መልሰው መሳቢያው ውስጥ አስቀመጡት። ፊታቸው ላይ ምንም ኀፍረት አልነበረም።

ወረቀቱን ላጥኩት። «ያልታወቀ» ብዬ ጻፍኩ። እጄን በልቶኝ ነበር፣ ግን ጻፍኩ።

የመጨረሻው የክፍል ፈተና ላይ ስሟን እስከ አያቷ ያለ ምንም ምልክት ጻፈችው። እኔን ይቅር ለማለት ጊዜ ወሰደባት፤ ሰኔ ላይ ነው ቀና ብላ «ደህና ዋሉ ቲቸር» ያለችኝ። ብሔራዊ ፈተናውን አለፈች።

ውጤቱ የመጣ ዕለት ለአባቴ ደወልኩ። በጉ አሁንም ግቢዬ ውስጥ ታስሮ ቅጠል ይበላል፤ አባቴ «የሰው አደራ ነው፣ እንዳትነካው» ብሎኛል፣ አያቷም መልሰው አይቀበሉም። ማለፏን ነገርኩት።

«እሰይ!» አለ። «በማን ስም?»

«በእናቷ አባት።»

«ይገባቸዋል። ያሳደጓት እሳቸው ናቸው።» ከዚያም ጠየቀኝ፦ «ልጅቷ ስሜን ስትመልስ አዘነች ወይ?»

«አላዘነችም አባዬ። ደስ ነው ያላት።»

«ደግ ነው» አለ። ቀጥሎም ቀስ ብሎ፣ «እኔ ግን ትንሽ አዝኛለሁ» አለኝ።