በጽሑፌ የገደልኳቸው ኦማ

ማክሰኞ ጠዋት ነው... ሆላንድ፣ ዴን ሃግ፣ አንድ የፎቅ ሕንፃ ውስጥ፣ ወለሉ ላይ ተንበርክኬ ለኦማ ያንን ለደም ዝውውር የሚደረግ ጠባብ ካልሲ እየታገልኩ አለብሳቸዋለሁ። ሥራዬ ቱስዞርኽ ነው፤ ቤት ለቤት እየዞርኩ አረጋውያንን እረዳለሁ፤ ኦማም («አያቴ» ማለት ነው) ከምረዳቸው አንዷ ናቸው። የግራውን ጨርሼ ወደ ቀኙ እግራቸው ስዞር ደወል ተደወለ።

በሩን ስከፍት አደይ ለተብርሃን ናቸው። ሁለት ፎቅ ዝቅ ብለው የሚኖሩ፣ ወጣትነታቸውን አዲስ አበባ ያሳለፉ ኤርትራዊት እናት ናቸው፤ አማርኛቸው ከእኔ ይሻላል። ጥቁር ሻሽ አስረዋል። በአንድ እጃቸው ፔርሙዝ፣ በሌላው በፎጣ የተጠቀለለ ሕምባሻ ይዘዋል። አንድ ቃል ሳልናገር አንገቴ ላይ ተጠመጠሙ።

«ውይ ልጄን! እንዴት አትነግሪኝም? ስንት ዓመት ሊፍት ውስጥ ሰላም የተባባልን ሰው!» ብለው ኮሪደሩ ላይ ለቅሶውን ለቀቁት።

«አደይ... ማን ሞተ?»

«ኦማሽ ናቸዋ! የልጅ ልጄ ፌስቡክ ላይ የጻፍሽውን ዛሬ አነበበችልኝ።»

ክው አልኩ።

ባለፈው ወር እዚሁ ገጽ ላይ ስለ ኦማ ጽፌ ነበር። ኦማ የማላያ፣ የዛሬዋ ማሌዥያ፣ ሰው ናቸው፤ ቭላርዲንገን ከምትባል የሆላንድ ከተማ የመጣ መርከበኛ አግብተው ነው እዚህ የቀሩት። ዓይናቸው ስለደከመ በየጠዋቱ ከካልሲው በኋላ ከአንድ አሮጌ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ሁለት ገጽ አነብላቸዋለሁ። ጸሐፊው በቅኝ ግዛት ጊዜ የአያታቸውን አውራጃ ያስተዳድር የነበረ እንግሊዝ ነው። ሰውየው ቀን ሲዳኝና ግብር ሲያስከፍል ውሎ፣ ማታ ማታ የሚገዛቸውን ሰዎች ልብ ወለድ ያደርጋቸው ነበር። አንዱ ታሪክ ውስጥ ታንኳ የምትቀዝፍ ልጅ አለች። መጨረሻ ላይ ወንዝ ይወስዳታል።

ያቺ ልጅ የኦማ አያት ናት። ሰውየው ስሟን እንኳ አልቀየረም። እሷ ግን አልሰጠመችም፤ አርጅታ፣ ኦማን አዝላ ያሳደገች ሴት ናት። ታሪኩ እንዲያምርለት ብሎ ነው የገደላት።

ይህን ሁሉ ጻፍኩና... መጨረሻው አልጥም አለኝ። «ኦማ ትናንት በእንቅልፋቸው አረፉ» ብዬ ዘጋሁት። ማን ያውቃቸዋል ብዬ ነው። «ነፍስ ይማር» ሲዘንብልኝ፣ እውነቱን ልናገር፣ ደስ ብሎኝ ነበር።

አደይ እንባቸውን እየጠረጉ በትከሻዬ አሻግረው ወደ ውስጥ አዩ። ኦማ አንድ ካልሲ አጥልቀው ወንበራቸው ላይ ተቀምጠዋል። እጃቸውን አውለበለቡላቸው።

«በስመ አብ!» ፔርሙዙ ከእጃቸው ሊወድቅ ምንም አልቀረው። ከዚያ በዚያች በጥቂቷ ሆላንድኛቸው፣ ጣታቸውን ወደ እኔ ቀስረው፣ «ሜቭራው፣ እመቤቴ፣ ይቺ ልጅ ሞተዋል ብላ ጽፋለች!» አሏቸው።

ኦማ አልተቆጡም። ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። «አንብቢልኝ» አሉኝ። ስልኬን አውጥቼ ወደ ሆላንድኛ እየመለስኩ አነበብኩላቸው። የመጨረሻዋ መስመር ላይ ስደርስ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ አልጠላም ነበር።

ኦማ ስልኩን ከእጄ ወስደው ጭናቸው ላይ አኖሩት። ከዚያ ከዚህ በፊት ያልነገሩኝን ነገሩኝ።

«መጽሐፉን ካነበቡላት ቀን ጀምሮ አያቴ ወንዝ አጠገብ ደርሳ አታውቅም። ቤታችን ከወንዙ ዳር ነበር። ውሃ እንኳ ሰው ነበር የሚቀዳላት። ሞቴ ተጽፏል፣ ውሃው እየጠበቀኝ ነው ትል ነበር። እስክትሞት ድረስ መቅዘፊያ አልነካችም።»

አደይ ነገሩ ሳይገባቸው አልቀረም፣ የሐዘን ሻሻቸውን ቀስ ብለው ፈቱት።

«እሷስ ወንዙን ሸሸች» አሉ ኦማ። «እኔ እንቅልፍን እንዴት ልሽሽ?»

ለመሳቅ ሞከርኩ። እሳቸው አልሳቁም።

ረቡዕ ስመጣ አልጋቸው እንደተነጠፈ ነው። ሌሊቱን ሙሉ ወንበራቸው ላይ ቴሌቪዥን ከፍተው አድረዋል፤ ዓይናቸው ደም መስሏል። ሐሙስም እንደዚያው። ስኒ ማንሳት ስላቃታቸው ሻዩን እኔ ነኝ ያጠጣኋቸው። ጌታ ሆይ፣ እኚህን ሴት በአንድ መስመር ልጨርሳቸው ነው ብዬ መታጠቢያ ቤት ገብቼ አለቀስኩ። ወጥቼ ጽሑፉን እንዳጠፋሁት ነገርኳቸው።

«ማጥፋት ምን ያደርጋል? ያነበበው አንብቦታል። አስተካክለሽ ጻፊው።»

ዓርብ ዕለት አደይ ለተብርሃንም መጡ፤ ይህ ነገር ሲያልቅ ነው የምሄደው ብለው ኦማ አጠገብ ተቀመጡ። እኔ እዚያው መጻፍ ጀመርኩ፤ እየጻፍኩም ጮክ ብዬ በሆላንድኛ አነብላቸዋለሁ። ኦማ አልሞቱም፣ የዋሸሁት እኔ ነኝ አልኩ።

«ከዚያስ?» አሉ ኦማ።

«ከዚያማ ኦማ ተኙ። ጠዋት ነቁ። ቁርስ በሉ።»

«ነቁ የሚለውን ድገሚልኝ።»

ደገምኩላቸው። «አንዴ ደግሞ» አሉ። ስንት ጊዜ እንዳልኩት አላውቅም። በመጨረሻ አንገታቸው ዘንበል አለ።

ሌሎች የምረዳቸው ሰዎች እየጠበቁኝ ነው፤ ስልኬ ይጮኻል፤ ቢሮ ነው። መነሳት አቃተኝ። ደረታቸው ከፍ ዝቅ ሲል እያየሁ፣ ትንሽ ቆም ያለ ሲመስለኝ የእኔም ትንፋሽ እየቆመ፣ እንደዚያ ተቀመጥኩ። አደይ እጃቸውን ወደ ኦማ አፍንጫ ጠጋ አድርገው ትንፋሻቸውን ይለካሉ። ኦማ ሲያንኮራፉ ነው ሁለታችንም «ተመስገን» ያልነው።

«ነፍስ ይማር» ያላችሁኝ ሁሉ ይቅር በሉኝ። ኦማ በሕይወት አሉ... ይህን ከመለጠፌ በፊት ደውዬ አረጋግጫለሁ።