ዘውድነሽ ለሚልካ የዘፈነችው

ዘውድነሽን ዛሬ ናዝሬት ገበያ፣ አንገቷን በስካርፍ ጠቅልላ ቲማቲም ስትመርጥ ያያት ሰው ዘፋኝ ነበረች ብዬ ብነግረው አያምነኝም። አይመን! እኔ ዲበኩሉ አኮርዲዮን ተሸክሜ ስምንት ዓመት ከጎኗ ቆሜያለሁ።

የደራ ልጅ ናት። ናዝሬት አክስቷ ዘንድ ልትማር መጥታ፣ ትምህርቱን ትታ ከሠርግ ሠርግ መዞር ያዘች። እሁድ እሁድ ከሰዓት ደግሞ አንድ ሆቴል ግቢ፣ ዛፍ ሥር እንጫወት ነበር። ወይ ያ ጊዜ! ሰው ልብሱን ተኩሶ፣ ጫማውን ወልውሎ የሚመጣው እሷን ሊሰማ ነበር። ካሴታችንን የቀዳነው አክስቷ ሳሎን ነው፤ ግድግዳው ላይ ብርድ ልብስ ሰቅለን፣ እንዳይጮህብን የጎረቤቱን አውራ ዶሮ በቅርጫት ከድነን። የሞጆ ሾፌሮች ይዘውት ሐዋሳ ደረሱ። ወድጃት ነበር፤ ምን እደብቃለሁ። ሳልነግራት አስተማሪ አገባች።

ሰውየው ጴንጤ ነበር፤ ቀስ እያለች እሷም ጌታን ተቀበለች። ዘፈንን እርም አለች። እሱስ ይሁን። ግን ያሏትን ካሴቶች በሙሉ ሰብስባ፣ እንደገና እንዲቀዳባቸው ከላይ ያለችውን ቀዳዳ በወረቀት ጠቅጥቃ ስብከት ቀዳችባቸው። ከዚያ እኔ ቤት መጣች።

"ዲቤ፣ ያንተንም ስጠኝ። አንድም እንዲቀር አልፈልግም" አለችኝ።

እኔ ሞኙ ሰጠኋት። እምቢ ብላት ትቀየመኛለች ብዬ።

ከሠላሳ ዓመት በላይ አለፈ። ባሏም ሞተ። ባለፈው ጥቅምት ልጇ ሚልካ በሬን አንኳኳች። የእናቷ እንቅርት አድጎ ለማክሰኞ ቀዶ ጥገና ተቀጥሮላታል፤ ሐኪሙ እንቅርቱ የድምፅ ነርቯን ስለተጠጋው ከቀዶ ጥገናው በኋላ ድምፅዋ ላይመለስ እንደሚችል ነግሯቸዋል።

"ጋሽ ዲቤ፣ እናቴ ስትዘፍን አንድ ቀን ሰምቼ አላውቅም። እርስዎ ጋ አይጠፋም ብዬ ነው የመጣሁት።"

አፈርኩ። ሰጥቼ ያስጠፋሁት እኔው ነኝ።

ቅዳሜ ማለዳ ፍለጋ ወጣሁ። ሞጆ ላይ የድሮ ሾፌሮች ሳቁብኝ፤ "ጋሼ፣ ካሴት ቢገኝስ በምን ሊያዳምጡት ነው?" አሉኝ። አንዱ ግን ጆቴ የሚባል የቀድሞ ባልደረባቸው አርሲ ነገሌ እህል እንደሚነግድ፣ ደግሞም አንድ ነገር እንደማይጥል ነገረኝ። ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ጆቴ "አካም ጅርታ" ብሎ ጨበጠኝና የስንዴ ጆንያ ላይ አስቀምጦኝ ወደ ጓዳ ገባ። ሲመለስ ካሴቱንም ማጫወቻውንም ይዞ ነበር።

"ሚስቴን የጠበስኳት በዚህ ካሴት ነው፤ አደራ መልስልኝ" አለ።

እሁድ ከሰዓት ዘውዴ ቤት ከፈትነው። የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ድምፅዋ ወጣ። ሚልካ አፏን በእጇ ይዛ ታለቅሳለች። ዘውዴ ግን ፊቷ አልተፈታም። ዘፈኑ ሳያልቅ ዘጋችው።

"ይቺ የምትዘፍነው ልጅ አንቺን አታውቅሽም" አለቻት ሚልካን። "ስልክሽን አውጪ።"

"እማዬ፣ ቸርች ሲሰሙ ምን ይላሉ?"

"ጌታ ያውቀኛል። ቅጂ።"

ያንኑ ዜማ ጀመረች። ድምፅዋ ሻክሯል፤ ከፍ ሲል ይሰበራል። ሠርግ ላይ የሙሽራዋን ስም እንደምናስገባው የሚልካን ስም አስገባችበት። የተወለደችበትን ቀን ዝናብ፣ አባቷ እንዴት እንደታቀፋት፣ ሁሉንም ቤት እየመታች ዘፈነችው። እኔ አኮርዲዮኑን ድሮ ሸጬዋለሁ፤ ጭኔን እየመታሁ አጀብኳት። ሁለት ደቂቃ ቢሆን ነው።

ማክሰኞ እንቅርቱ ወጣ። ድምፅዋ ግን አልተመለሰም። አሁን ልጠይቃት ስሄድ በሹክሹክታ ነው የምታወራኝ፤ እኔም ጆሮዬ ደክሟል፣ ወንበሬን አስጠግቼ እቀመጣለሁ።

ቀረጻውን ላኪልኝ ብዬ ሚልካን ለመንኳት።

"ጋሽ ዲቤ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። እማዬ ለእኔ ነው የዘፈነችው" አለችኝ።

ተናደድኩ፤ ሁለት ቀን አኮረፍኩ። ኋላ ሳስበው ልጅቷ ምን አጠፋች? ዘውዴ በዚያ ሁሉ ዓመት የናዝሬትን ሙሽራ ሁሉ ስም ጠርታለች፤ የእኔን ግን አንድ ቀን ዘፈን ውስጥ አስገብታው አታውቅም።