ከመርዶው በፊት የበላችው ሾርባ

በሰኔ ወር፣ ቅዳሜ ጠዋት አራት ሰዓት ላይ፣ ከጆሃንስበርግ መሀል ከተማ ወደ አይቮሪ ፓርክ የሱቅ ዕቃ ጭኖ ይሄድ የነበረ ባኪ የሚሉት ፒክአፕ መኪና አውራ ጎዳናው ላይ ተገለበጠ። ሹፌሩ ተረፈ። አጠገቡ የተቀመጠው ሰው ሞተ።

ሟቹ አይቮሪ ፓርክ ውስጥ ሱቅ ነበረው። ታናሽ እህቱ ዮቪል በሚባለው ሰፈር፣ እኔ በምኖርበት አፓርታማ ውስጥ፣ ከክፍሌ ፊት ለፊት ያለውን ክፍል ተከራይታለች። ኩሽናው የጋራችን ነው። ያን ቀን ጠዋት ሥራ ገብታ ነበር፤ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ትመለሳለች።

ስድስት ሰዓት ላይ ስልኬ ጠራ። የደወሉልኝ የሟቹና የእህቱ ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ናቸው። መሀል ከተማ የጅምላ መደብር ያላቸው፣ ከነሱ አገር፣ ከሆሳዕና በኩል የመጡ ሰው።

«ተቀምጠሃል?» አሉኝ።

«ቆሜያለሁ። ይንገሩኝ።»

ነገሩኝ።

«በዓይኑ ያየ ሰው ማነው?» አልኳቸው።

«ምኑን?»

«አስከሬኑን።»

«አንተ ሰው፣ ዜና ልትሠራበት ነው እንዴ?»

«አይደለም። ልጅቷ የምትገባው እኔ ወዳለሁበት ቤት ነው። ያልተረጋገጠ ነገር ይዤ ልጠብቃት አልችልም።»

የሹፌሩን ቁጥር ሰጡኝ። ሹፌሩ ሆስፒታል አልጋ ላይ ሆኖ አነሳው። ማን እንደሆንኩ ከነገርኩት በኋላ የተናገረው አንድ ነገር ነው። «እጄ ላይ ነው ያረፈው፣ ጋሼ።» ሌላ አልጠየቅኩትም። ለሽማግሌው መልሼ ደወልኩ።

«እውነት ነው» አልኳቸው።

«እኔስ ምን አልኩህ?»

ብዙ ዓመት በዚህ ከተማ ሱቃቸው ውስጥ ስለሞቱ፣ መንገድ ላይ ስለሞቱ የአገሬ ልጆች ለሬዲዮ ዘግቤያለሁ። ዜናው ሳይተላለፍ ቤተሰብ መስማቱን ሁልጊዜ እጠይቃለሁ። የሚነግረው ግን ሌላ ሰው ነበር። እኔ እዚያ ቦታ ቆሜ አላውቅም።

ሽማግሌው ያሰቡትን በዝርዝር ነገሩኝ። አገር ቤት ቢሆን ሊነጋጋ ሲል፣ ጎረቤት ሳይነቃ፣ ዘመድ ተሰብስቦ ነው መርዶ የሚረዳው። እዚህ ግን እስከ ንጋት ከተጠበቀ ቴሌግራም ይቀድማል። ስለዚህ ሰዎቹ ከየሰፈሩ፣ ከሶዌቶም ጭምር፣ ሱቃቸውን ዘግተው አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ይደርሳሉ።

«እስከዚያ ስልኳን እንዳታይ አድርግ። ደግሞ አብላት» አሉኝ። «ከሰማች በኋላ እህል የሚባል ነገር በአፏ አይዞርም። አደራህን፣ ጠግባ ትስማ።»

እሺ አልኩ። እስከተወሰነ ሰዓት ድረስ ተይዞ የሚቆይ ዜና በሥራዬም ያጋጥመኛል። ሁለት ነገር ወሰንኩ፤ ውሸት አልናገርም፣ እውነቱንም አልናገርም።

ኩሽናው ውስጥ፣ በትልቁ ጎድጓዳ ሳህን፣ ዓርብ ማታ የዘፈዘፈችው በቆሎ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ለምትሠራው ሾርባ ነው። ተቀጥራ የምትሠራው በአንድ የሜክሲኮ ምግብ ቤት ኩሽና ውስጥ ሲሆን፣ ሾርባውንም የተማረችው እዚያ ነው። እነሱ በኖራ ውሃ ተቀቅሎ ልጡ የወጣ ትልልቅ ነጭ በቆሎ በቆርቆሮ ያስመጣሉ። የደረቀ ቀይ ቃሪያቸውንም ከአገራቸው ነው የሚያስመጡት። እሷ በቃሪያው ፋንታ የማረቆ ዛላ በርበሬ በፈላ ውሃ ዘፍዝፋ ትፈጫለች። በቆሎውን ደግሞ ወንድሟ ያመጣላታል።

ያ በቆሎ እዚህ አገር በየሱቁ በከረጢት የሚሸጥ ነው፤ ሳምፕ ይሉታል። ልጡ የተላጠ ቢሆንም ሲወቀጥ አብዛኛው ፍሬ ይሰባበራል። የተሰባበረ ፍሬ ሾርባ ውስጥ ሲገባ ገንፎ ይሆናል ብላ አንድ ቀን ስታማርር ወንድሟ ሰማ። ከዚያ ወዲህ፣ ሱቁ ውስጥ ከብረት ፍርግርጉ ጀርባ ተቀምጦ ገበያ ሲቀዘቅዝ፣ ሳይሰበሩ የቀሩትን ፍሬዎች ከከረጢቱ እየለቀመ በፕላስቲክ ዕቃ ያጠራቅምላት ጀመር። ደንበኞቹ የሚጸልይ ይመስላቸው ነበር ብሎ ነግሮኛል።

ሾርባውን መጀመሪያ የቀመሰ ቀን ሳህኑ ላይ አጎንብሶ አየና «ትንሿ፣ ይሄ እኮ የለቅሶ ቤት ንፍሮ ነው። ዶሮ ስለገባበት ስሙን ቀየሩት እንጂ» አላት።

«ሜክሲኮዎች እንዳይሰሙህ!»

«ይስሙኛ። እነሱም ሰው ሲሞትባቸው ምን እንደሚቀቅሉ ጠይቂልኝ።»

ሦስት ሳህን በላ። «ለቅሶ ቤት እንዲህ የሚበላ ሰው አይቼ አላውቅም» ብላ ሳቀችበት። ከዚያ በኋላ በየቅዳሜው ሲመጣ፣ ገና ከደረጃው፣ በአገሬው ሰላምታ «ሳውቦና! ማን ሞተ? ንፍሮው ሸተተኝ» እያለ ይገባ ነበር። እኔንም «የዜናው ጋሼ፣ ይንገሩን እንጂ፣ ማነው የሞተው?» ይለኝ ነበር።

በዚያ ቅዳሜም ማታ ይመጣል ተብሎ ነበር።

ሾርባውን ሠርቼ አላውቅም፤ ስትሠራ ግን ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። በቆሎውን አጥቤ ጣድኩት። ዶሮውን ከነአጥንቱ በሌላ ድስት ከሽንኩርትና ከነጭ ሽንኩርት ጋር ቀቀልኩ። በርበሬውን ዘፈዘፍኩ። በቆሎው እያበጠ፣ እየተከፈተ ሲሄድ ሽታው ቤቱን ሞላው። ያኔ ነው ያደረግኩት የገባኝ። እሷ ሁልጊዜ ዶሮውንና በርበሬውን ቀድማ ታሰናዳና በቆሎውን መረቁ ውስጥ ትጨምራለች። እኔ በቆሎውን ለብቻው ነበር የቀቀልኩት። ድስቱ ውስጥ ያለው፣ ሌላ ምንም ሳይቀላቀልበት፣ ንፍሮ ነበር።

መስኮቱን ከፈትኩ። ብርዱ ገባ እንጂ ሽታው አልወጣም። ዶሮውን እየቦጫጨቅኩ ጨመርኩ፤ የተፈጨውን በርበሬ አጣርቼ ደፋሁበት። መረቁ ቀላ። በሩ ሲከፈት ጎመኑን በስሱ እየከተፍኩ ነበር።

«ማን ሞተ?» አለች ከበሩ ላይ ሆና፣ እየሳቀች። «ጋሼ፣ ንፍሮ ንፍሮ ይሸታል!»

«ዶሮው ገና አሁን ገብቶ ነው» አልኳት።

«እርስዎ ነዎት የሠሩት? በሉ፣ ዛሬ በረዶ ይጥላል።» ካፖርቷን ሳታወልቅ መጥታ ድስቱን ከፈተች። «በቆሎውን ለብቻው ቀቅለውታል አይደል? አይ ጋሼ። ለነገሩ አላበላሹትም።» ስልኳን ከኪሷ አወጣች። ባትሪው አልቆ ጠፍቶ ነበር። «ቻርጀሬን አይተዋል?»

እኔ ክፍል፣ መሳቢያ ውስጥ ነበር። ያስገባሁት እኔ ነኝ።

«መጀመሪያ ብዪ» አልኳት።

«ወንድሜ ሳይመጣ?»

«አንቺ ብዪ።»

ሳህን አውጥቼ ቀዳሁላት። ጎመኑን፣ ጥሬ ሽንኩርቱን፣ የተቆረጠውን ሎሚ አጠገቧ አስቀመጥኩ። ካፖርቷን እንደለበሰች ተቀመጠች። ማንኪያውን አንስታ መልሳ አስቀመጠችው። መስኮቱን አየች፤ ከዚያ እኔን።

«ስንት ሰዓት ነው የሚመጡት?» አለችኝ።

ማን አላለችም።

«አሥራ አንድ ሰዓት።»

«እሱም አብሯቸው ነው?»

ሎሚውን ወደ እሷ አስጠጋሁት። ጥያቄውን አልደገመችውም። ሎሚውን ጨምቃ ማንኪያውን አነሳች።

ቶሎ ቶሎ የምትበላ ሴት ናት፤ የምግብ ቤት ሠራተኛ ቁጭ ብሎ የመብላት ልማድ የለውም። ያን ቀን ግን አንዲት የበቆሎ ፍሬ ለብቻዋ በማንኪያ እያወጣች፣ እያላመጠች፣ ሌላዋን ትፈልግ ነበር።

«ጨው ያንሰዋል» አለችኝ።

ጨው አቀበልኳት።

«እሱ ጨው አይወድም፤ ደም ግፊት አለብኝ ይላል። የለበትም። ዶክተር ዘንድ ሄዶ አያውቅም።»

«አውቃለሁ።»

«ሐሙስ ደውሎልኝ ነበር። ለሚቀጥለው ቅዳሜ መልቀም ጀምሬልሻለሁ አለኝ። የዛሬውን እንኳ ሳንበላው።» ሳህኑን ገፋ አደረገችልኝ። «ይጨምሩልኝ።»

ጨመርኩላት። ስለ እሱ ስታወራ «ነበር» አላለችም። መጀመሪያ ጆሃንስበርግ ስትገባ አውቶቡስ ማቆሚያው ላይ ሊቀበላት ሲመጣ የሴት ካፖርት ለብሶ እንደነበር፣ ካፖርቱን ለብርዱ የሰጠውን ሰው ማስቀየም ስለማይወድ እንደሆነ ነገረችኝ። እኔ አዳምጣለሁ። ብዙ ሰው ጠይቄ ያናገርኩ ሰው ነኝ፤ ያን ቀን ግን አንድም ጥያቄ አልጠየቅኳትም። እየበላች እስካለች ድረስ ማንም ምንም እንደማይነግራት ገብቷታል። እኔም ገብቶኛል። ሁለተኛው ሳህን ሲያልቅ ሦስተኛ አለች። መጥገቧን ከፊቷ አያለሁ፤ ቀዳሁላት።

ደረጃው ላይ የብዙ ሰው እግር ሲሰማ ማንኪያዋ ሳህኑ ውስጥ ነበር። ሰው ሲበዛና ማንም ሳያወራ ሲወጣ ድምፁ ይታወቃል። የቀራትን ፍሬ አንስታ በላች። ሳህኑን ወስዳ አጠበች፤ እጇን በካፖርቷ ጠረገች፤ ከድስቱ ሥር እሳቱን ለኮሰች።

«እነሱም አልበሉም ይሆናል» አለችኝ።

በሩን የከፈትኩት እኔ ነኝ። ሽማግሌው ከፊት፣ ሌሎቹ ከኋላቸው፣ ኮፍያቸውን በእጃቸው ይዘው ገቡ። ሽማግሌው መንገድ ላይ ሲያዘጋጁ የመጡት ንግግር ነበራቸው። አፋቸውን ሳይከፍቱ ቀደመቻቸው።

«ተቀመጡ፣ አባባ። በልቻለሁ።»

ተቀመጡ። ነገሯት። ከዚያ በኋላ የሆነውን እዚያ የነበረ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ እኔ አልጽፈውም። ሽማግሌው እንዳሉት ለቀናት እህል በአፏ አልዞረም። ድስቱ ውስጥ የቀረውን ሾርባ ሊያስተዛዝኑ የመጡ ሰዎች በሉት። ከመካከላቸው አንዱ፣ ምን እንደሆነ ሳያውቅ፣ «ንፍሮው ዶሮ አለበት እንዴ?» ብሎ ጠየቀ።

አስከሬኑ ወደ አገር ቤት ተላከ። እሷ የያዘችው የጥገኝነት ወረቀት ከዚህ አገር ከወጣች መልሶ አያስገባትም፤ የሸኘችው እስከ ኤርፖርት ብቻ ነው። አገር ቤት ያሉት ቀብሩን በስልክ አሳዩዋት። ቻርጀሩን ያኔ መለስኩላት።

በሳምንቱ ከቤተ ክርስቲያኗ ሰዎች ጋር ሱቁን ልናስረክብ አይቮሪ ፓርክ ሄድን። ሰዎቹ ዘይቱንና ዱቄቱን ያወጣሉ፤ ደንበኞች ከፍርግርጉ ውጭ ቆመው ያያሉ። እኔ ወደ ባንኮኒው ጀርባ ገባሁ። ወንበሩ እንዳለ ነው። ከወንበሩ አጠገብ አፉ የተፈታ የሳምፕ ከረጢት ነበር። ከባንኮኒው ሥር ግማሽ ድረስ የሞላ የፕላስቲክ ዕቃ አገኘሁ። ክዳኑን ከፈትኩት። ጎንበስ ብዬ በእጄ እያገላበጥኩ አየሁ። አንድም የተሰበረ ፍሬ አልነበረበትም።